ጆሮ ዳባ ልበስ ያለን ፕሮግራም ማሰናበት

መስኮቱ ድንገት ይነጣል። አናቱ ላይ ከስሙ ጎን «ናት ሪስፖንዲንግ» የሚል ጽሑፍ በቅንፍ ይጨመርበታል፤ የማውሱ ቀስት ወደምትሽከረከር ክብ ይለወጣል፤ ተናዶ ደጋግሞ ለሚጫን ሰውም ጭራሽ ምንም አይመልስም። «ስታክ አደረገ» ወይም «ሃንግ አደረገ» እንላለን። ከዚህ በኋላ የአብዛኛው ሰው እጅ የሚሄደው ወደ ኮምፒውተሩ ማጥፊያ ነው። ቁልፉን ተጭኖ ጥቂት ሰከንድ ይይዛል፣ ስክሪኑ ሲጠቁር ይለቃል፣ እንደገና ያበራል። ጥፋቱ የአንድ ፕሮግራም ሆኖ ሳለ ክፍት የነበሩት ሁሉ አብረው ይቀጣሉ፤ ያልተቀመጠው ደብዳቤ፣ በግማሽ የወረደው ፋይል፣ ከባንክ ጋር የተከፈተው ገጽ። አጥፊውን ብቻ ለይቶ ማሰናበት ግን አንድ መስመር ከመጻፍ የሚበልጥ ሥራ አይደለም።

ከማሰናበታችን በፊት ፕሮግራሙ ምን ሆኖ እንደቆመብን እንይ። ዊንዶውስ ላይ መስኮት ያለው ፕሮግራም ሁሉ የመልእክት ወረፋ አለው። ማውስ ሲጫኑ፣ ፊደል ሲጽፉ፣ መስኮቱን ሲጎትቱ እያንዳንዱ ድርጊት መልእክት ሆኖ ወረፋው ውስጥ ይገባል፤ ፕሮግራሙም በተራ እያነሣ ይፈጽመዋል። ከወረፋው ምንም ሳያነሣ 5 ሰከንድ ካለፈ ዊንዶውስ «ይሄ አይመልስም» ብሎ ይመዘግበዋል። ከዚያ የሚያደርገውን ነገር ብዙ ሰው አያውቀውም፤ እውነተኛውን መስኮት ይደብቅና በቦታው መልኩን የያዘ ምትክ መስኮት ያኖራል። ምትኩን መጎተት፣ ማሳነስ፣ ለመዝጋት መሞከርም ይቻላል፤ ውስጡ ግን ማንም የለም። አፍጥጠን የምናየው ያ የነጣ ገጽ የፕሮግራሙ ሳይሆን የዊንዶውስ ሥዕል ነው።

አምስት ሰከንድ ደግሞ አጭር ጊዜ ነው። ፕሮግራሙ በኔትወርክ ላይ ካለ ሌላ ኮምፒውተር ፋይል እየጠበቀ ሊሆን ይችላል። ወረቀት ያለቀበት ፕሪንተር መልስ ነስቶት ይሆናል። ከባድ ስሌት ውስጥ ገብቶ ቀና ማለት አቅቶት ይሆናል። ወይም በእርግጥ ተበላሽቷል፤ ማቆሚያ በሌለው ዙር ውስጥ ገብቶ ያንኑ ነገር ይደጋግማል፤ አለዚያም ሁለት የራሱ ክፍሎች አንዱ ሌላውን ሲጠብቅ፣ ሌላውም አንዱን ሲጠብቅ ሁለቱም ቆመዋል። ከውጭ ለሚያይ ሰው እነዚህ ሁሉ አንድ ዓይነት ነጭ መስኮት ናቸው።

ኮምፒውተሩ ራሱ ለምን አይለይልንም? ለዚህ ጥያቄ መልስ የሰጠው አለን ቱሪንግ የተባለ እንግሊዛዊ የሒሳብ ሊቅ ነው። ዘመኑ 1936 እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታትም እንዲሁ)፤ ዛሬ የምናውቀው ዓይነት ኮምፒውተር ገና አልተሠራም ነበር። ቱሪንግ በጽሑፉ ካረጋገጠው የሚከተለው ይህ ነው፦ ማንኛውንም ፕሮግራም ተቀብሎ «ይህ አንድ ቀን ሥራውን ጨርሶ ይቆማል» ወይም «ይህ ለዘለዓለም ይዞራል» ብሎ ሁልጊዜ በትክክል የሚፈርድ አጠቃላይ ዘዴ ሊኖር አይችልም። ፕሮሰሰሩ ቢፈጥን፣ ሜሞሪው ቢበዛ ይህ አይለወጥም። ስለዚህ ዊንዶውስ 5 ሰከንድ ቆጥሮ ይጠረጥራል እንጂ አይፈርድም። ፍርዱን የሚሰጠው ስክሪኑ ፊት የተቀመጠው ሰው ነው፤ ሰውየው ደግሞ ለመፍረድ ማስረጃ ያስፈልገዋል።

የሰኔን መጨረሻ ቀናት ያስቡ። የበጀት ዓመቱ በ30 ይዘጋል፤ የሒሳብ ክፍሉ የ12 ወሩን ሰንጠረዥ በአንድ የኤክሴል ፋይል ሰብስቦ፣ ከአንዱ ገጽ ወደ ሌላው በሚፈልጉ ቀመሮች አጨናንቆታል። አንድ ቁጥር ሲታረም ሁሉም እንደገና ይሰላል። መስኮቱ ይነጣል፤ ስልክ ወደ አይቲ ክፍል ይደወላል።

«ወንድሜ፣ ስታክ አደረገብኝ። ልዝጋው?»

«እትዬ፣ እባክዎ አይንኩት። መቼ ነው ሴቭ ያደረጉት?»

«እሱን አታንሣብኝ።»

«እሺ፣ ይቆዩኝ። መጀመሪያ በሕይወት መኖሩን እንይ።»

በሕይወት መኖሩ የሚታየው በጥቁሩ የትዕዛዝ መስኮት ነው። የዊንዶውስ ምልክት ያለበትን ቁልፍ ከአር ፊደል ጋር አብሮ መጫን፣ «ሲኤምዲ» ብሎ መጻፍ፣ ኢንተር። (ትዕዛዞቹን እዚህ በፊደላችን የማስቀምጣቸው ሲነበቡ እንደሚሰሙት ነው፤ ኪቦርዱ ላይ የሚጻፉት በላቲን ፊደል ነው፤ «ስላሽ» ያልኩት ወደ ቀኝ ያጋደለው ሰረዝ ነው።) «ታስክሊስት ስላሽ ቪ» ሲባል በኮምፒውተሩ ላይ የሚሠራው ሁሉ ይዘረዘራል፤ የእያንዳንዱ ስም፣ መለያ ቁጥር፣ የያዘው ሜሞሪ፣ ሁኔታው፣ እስካሁን የወሰደው የፕሮሰሰር ጊዜ። የሚፈለገው ይኸኛው የመጨረሻው ነው። የኤክሴልን ጊዜ ይመዝግቡ፤ ግማሽ ደቂቃ ቆይተው ያንኑ ትዕዛዝ ይድገሙት። ጊዜው ከጨመረ ኤክሴል እየሠራ ነው፤ መስኮቱ የነጣው ቀና ብሎ የሚመልስበት ፋታ አጥቶ ነው። ጊዜው ካልተንቀሳቀሰ ግን የሆነ ነገር ይጠብቃል፤ ያ ነገር ፕሪንተር ወይም የተቋረጠ ኔትወርክ ከሆነ እሱን ማስተካከል ብቻ ፕሮግራሙን ያነቃዋል። ዘዴው ቀዳዳ አለው፤ ማቆሚያ በሌለው ዙር የሚዞር ፕሮግራምም ፕሮሰሰር ይበላልና። ቢሆንም የስምንት ሰዓት ሥራን ከመጣል በፊት ግማሽ ደቂቃ መጠበቅ ውድ አይደለም። በእንዲህ ያለ ጊዜ ከሚዘጉት ፕሮግራሞች ብዙዎቹ ቡና ተጠጥቶ እስኪመለስ ቢጠበቁ ራሳቸው የሚመለሱ ነበሩ ብዬ አምናለሁ።

አንዱ ቆሞ ሌላው መሥራት መቻሉ ራሱ ዕድሜው ብዙ አይደለም። በ1992 በወጣው ዊንዶውስ 3.1 ላይ ፕሮግራሞች ፕሮሰሰሩን የሚጋሩት በመተሳሰብ ነበር፤ አንዱ ጥቂት ሠርቶ በፈቃዱ ለሌላው ይለቃል። አልለቅም ያለ እንደሆነ ሁሉም አብሮ ይቆማል። የቀረው መፍትሔ ዴቪድ ብራድሊ የተባለው የአይቢኤም መሐንዲስ በ1981 ለወጣው የኩባንያው ፒሲ ያበጀው የሦስት ቁልፎች ጥምረት ነበር፤ ኮንትሮል፣ አልት፣ ዲሊት። መጀመሪያ የተሠራው ማሽኑን እንዳለ እንደገና ለማስነሣት ነው። በኋላ በነዊንዶውስ ኤንቲና በዊንዶውስ 95፣ አፕል ዘንድ ደግሞ በ2001 በወጣው ማክ ኦኤስ ኤክስ፣ ሥልጣኑ ከፕሮግራሞቹ ወደ ከርነሉ ማለትም ወደ ኦፐሬቲንግ ሲስተሙ እምብርት ዞረ። ከርነሉ ሰዓት ቆጥሮ ፕሮሰሰሩን ይነጥቃል፤ ፕሮግራሙ ወደደም ጠላም። ዩኒክስ የሚባለው ቤተሰብ ይህን ያደርግ የነበረው ከዚያ እጅግ ቀድሞ ነው። አንድ ፕሮግራም ቆሞ ሳለ ጥቁሩን መስኮት ከፍተን ስለ እሱ መጠየቅ የቻልነው በዚህ ምክንያት ነው።

ብዙ ሰው የሚያውቀው ታስክ ማናጀር ዴቭ ፕላመር የተባለ የማይክሮሶፍት ፕሮግራመር የጻፈው ሲሆን፣ ለሕዝብ የደረሰው በ1996 ከዊንዶውስ ኤንቲ 4.0 ጋር ነው። ጥሩ መሣሪያ ነው። ነገር ግን ስክሪኑን ሙሉ የያዘ ጌም ሲቆምብዎት ከበስተኋላው ተደብቆ ይቀራል፤ ስክሪን በሌለው ሰርቨር ላይ አይረዳም፤ «ኢንድ ታስክ» የምትለው ቁልፉም ፕሮግራሙን ለምና ይሁን ገፍትራ ያስወጣችው አትናገርም። በትዕዛዝ ሲሆን ልመናና ግፍተራ ሁለት የተለያዩ ጽሑፎች ናቸው።

ዊንዶውስ ላይ ትዕዛዙ «ታስክኪል» ይባላል። በዝርዝሩ ውስጥ የኤክሴል መለያ ቁጥር 7340 ሆኖ ካገኙት «ታስክኪል ስላሽ ፒአይዲ 7340» ይጻፋል። ይህ ልመናው ነው። ለፕሮግራሙ የሚደርሰው በመስኮቱ ጥግ ያለችውን የኤክስ ምልክት ሲጫኑ የሚደርሰው መልእክት ነው፤ ዝጋ የሚል። ጤነኛ ፕሮግራም መልእክቱን ሲያገኝ «ሴቭ ላድርግ ወይ?» ብሎ ይጠይቃል፣ ፋይሎቹን ይዘጋል፣ ጊዜያዊ ቅጂዎቹን ይሰርዛል፣ ይወጣል። ጥቁሩ መስኮት ላይም «ሰክሰስ» የሚል መስመር ይወጣል። እዚህ ላይ ነው ብዙ ሰው የሚደናገረው፤ ተሳክቷል ተብሎ ፕሮግራሙ ግን ፍንክች አላለም። የተሳካው መልእክቱን ማድረስ ነው። መልእክቱ የተቀመጠው ፕሮግራሙ ማንሣት ባቆመበት በዚያው ወረፋ ውስጥ ነውና በእርግጥ ለቆመ ፕሮግራም ልመና ወረፋ ከማስረዘም በቀር አይፈይድም። ቢሆንም ለጊዜው ብቻ የተጨናነቀ ከሆነ ቀና ሲል ያነበዋል፤ ስለዚህ ልመናው ከተላከ በኋላ አንድ ሁለት ደቂቃ መስጠት ደንብ ነው።

ካልሆነ መጨረሻው ላይ «ስላሽ ኤፍ» ይጨመራል። ይህ ከፕሮግራሙ ጋር የሚደረግ ንግግር አይደለም። ከርነሉ በቀጥታ ፕሮሰሱን፣ ማለትም በሥራ ላይ ያለውን ፕሮግራም፣ ያቆመዋል፤ ሜሞሪውን ይወስዳል፤ የከፈታቸውን ፋይሎች ይዘጋል፤ ፕሮግራሙ አንዲት መስመር እንኳ እንዲፈጽም ዕድል አይሰጠውም። ያልተቀመጠ ሥራ ካለ የሚተርፈው ቀድሞ በራሱ የተቀመጠው ብቻ ነው፤ ዎርድ ለምሳሌ ማንም ካልለወጠው በየ10 ደቂቃው የመልሶ ማግኛ ቅጂ ያስቀምጣል። ብዙ የሚጽፍ ሰው ይህን ቁጥር ወደ 2 ወይም 3 ደቂቃ ቢያወርደው ከዚህ ሁሉ ትዕዛዝ የሚበልጥ ጥቅም ያገኛል።

ቁጥር መፈለግ የሰለቸው በስም ማዘዝ ይችላል፤ «ታስክኪል ስላሽ አይኤም» ብሎ የፕሮግራሙን ስም ከነቅጥያው መጻፍ ነው። ነገር ግን በዚያ ስም የሚጠራው ሁሉ ይሄዳል። ሦስት ቦታ የተከፈተ አንድ ዓይነት ፕሮግራም ካለ፣ ጤነኞቹ ሁለቱም አብረው ይወድቃሉ። «ስላሽ ቲ» ደግሞ ፕሮግራሙን ከወለዳቸው ልጆቹ ጋር ያነሣል፤ ዋናውን ዘግተን ልጆቹ ከበስተኋላ ሜሞሪ ሲበሉ ለምናገኝበት ጊዜ ይህች ታስፈልጋለች። «አክሰስ ኢዝ ዲናይድ» የሚል መልስ ከመጣ ፕሮግራሙ የእርስዎ አይደለም ማለት ነው፤ ጥቁሩን መስኮት በአድሚኒስትሬተር መብት መክፈት ይጠይቃል። መብቱ በእጅ ሲገባ ደግሞ መጠንቀቅ ያሻል። «ሲኤስአርኤስኤስ» የሚባለውን የሚነካ ሰው ሰማያዊውን ስክሪን ጠርቶ ነው የሚያርፈው። «ኤስቪሲሆስት» በዝርዝሩ ውስጥ ደጋግሞ መታየቱ ቫይረስ መሆኑን አያሳይም፤ የዊንዶውስ አገልግሎቶች የሚሠሩት በእሱ ውስጥ ነው። «ኤክስፕሎረር»ን ማጥፋት ግን የሚያስፈራውን ያህል አይደለም። የታችኛው መደርደሪያና ዴስክቶፑ ላይ ያለው ሁሉ ይጠፋል፤ በጥቁሩ መስኮት ስሙን መልሶ መጻፍ ብቻ ሁሉንም ይመልሰዋል። መደርደሪያው ሲደርቅ እኔ የምጠቀመው ይህንኑ ነው።

በአዲሱ ሰማያዊ ወይም ጥቁር የፓወርሼል መስኮት የሚሠሩ ሰዎች አንድ ወጥመድ አለባቸው። እዚያ «ኪል» የሚል ትዕዛዝ አለ፤ ስሙ ከዩኒክስ የተወሰደ ነው፤ ጠባዩ ግን አይደለም። ልመና አያውቅም፤ በቀጥታ ይቆርጣል።

ወደ ዩኒክስ ቤት እንግባ። ኬን ቶምፕሰንና ዴኒስ ሪቺ በአሜሪካ ቤል ላብስ ሥራውን የጀመሩት በ1969 ነው፤ ሊኑክስ መንገዱን ተከትሏል፣ ማክ ከዘሩ ይወለዳል፣ አንድሮይድ ስልክ ውስጥ ያለውም የሊኑክስ ከርነል ነው። እዚህ «ኪል» ማለት ለአንድ ፕሮሰስ ቁጥር የተሰጠው ምልክት መላክ ነው። ምልክቶቹን «ኪል ሰረዝ ኤል» ብሎ መዘርዘር ይቻላል። የፕሮሰሱ መለያ ቁጥር 4127 ሆኖ የምልክት ቁጥር ሳይጨመር «ኪል 4127» ከተባለ የሚላከው 15ኛው፣ «ተርም» የሚባለው ነው። ፕሮግራሙ ይህን ምልክት ሊሰማው፣ ሊያዘገየው፣ ጨርሶም ጆሮ ዳባ ልበስ ሊለው ይችላል። «ኪል ሰረዝ 9 4127» ሲባል ግን የሚላከው «ኪል» የተባለው ምልክት ነው፤ ይህን የሚያስተናግድ ኮድ መጻፍ ለማንም ፕሮግራመር አልተፈቀደም። ምልክቱ ለፕሮግራሙ አይደርሰውም ቢባል ይቀላል፤ ከርነሉ በመካከል ተቀብሎ ይፈጽመዋል።

ልዩነቱን በዓይን ማየት ለሚፈልግ ሰው «ቪም» የተባለው የጽሑፍ ማዘጋጃ ጥሩ መሞከሪያ ነው። በአንዱ ተርሚናል (የዩኒክስ ቤት የትዕዛዝ መስኮት) ቪምን ከፍተው ጥቂት መስመር ይጻፉ፤ ሴቭ አያድርጉ። በሌላ ተርሚናል ቁጥሩን ፈልገው ተራውን ኪል ይላኩበት። ቪም ገዳይ ምልክት እንደደረሰው በአንድ መስመር ያስታውቃል፣ ፋይሎችን እያቆየሁ ነው ይላል፣ የጻፉትን እስከ መጨረሻዋ ፊደል በመጠባበቂያ ፋይሉ ላይ ያሰፍራል፣ ከዚያ ይወጣል። አሁን ያንኑ በ9 ይድገሙት። አንዲት ቃል ሳይተነፍስ ይጠፋል። ቪም መጠባበቂያውን የሚያድሰው 200 ፊደል ሲጻፍ ወይም ለ4 ሰከንድ እጅ ሲያርፍ ነውና፣ ከዚያ ወዲህ የተጻፈው አብሮ ሄዷል።

በኢንተርኔት ላይ ምክር የሚሰጡ ሰዎች መጀመሪያ የሚነግሩዎት 9ን ነው፤ አጭርና አስተማማኝ ስለሆነ። እኔ ይህን ልማድ አልወደውም። ሰርቨሮችን የሚያስተዳድሩት ፕሮግራሞች ራሳቸው እንዲህ አያደርጉም። በአብዛኛው ሊኑክስ ላይ አገልግሎቶችን የሚያስነሣና የሚያቆም «ሲስተምዲ» አንድን አገልግሎት ሲያቆም መጀመሪያ ተርም ይልካል፤ የተለየ ነገር ካልታዘዘ 90 ሰከንድ ይታገሣል፤ ከዚያ ነው ኪልን የሚያወርደው። ፕሮግራሞችን በኮንቴይነር ውስጥ የሚያስኬደው «ዶከር» ደግሞ 10 ሰከንድ ይሰጣል። ማሽን ይህን ያህል ከታገሠ ሰው ቢታገሥ አይጎዳም። በተለይ ዳታቤዝ ላይ። በፖስትግሬስኪውኤል ውስጥ የአንዱን ተጠቃሚ ፕሮሰስ በ9 የቆረጠ ሰው ሌሎቹን ተጠቃሚዎች ሁሉ ያባርራል፤ ዋናው ፕሮሰስ የጋራው ሜሞሪ ሳይበላሽ አልቀረም ብሎ ስለሚጠረጥር ሁሉንም ዘግቶ የማገገሚያ ሥራ ውስጥ ይገባል።

ከምልክቶቹ መካከል ሁለት ሦስቱ ሳይነሡ መታለፍ የለባቸውም። 1ኛው «ሃፕ» ይባላል፤ ተርሚናሎች ከዋናው ኮምፒውተር ጋር በስልክ መስመር ይገናኙ በነበረበት ዘመን መስመሩ ሲቋረጥ ይላክ የነበረ ነው። ዛሬ የስልክ መስመሩ ቀርቶ ብዙ ሰርቨሮች ይህን ምልክት «ሳትዘጋ ቅንብርህን እንደገና አንብብ» በሚል ትርጉም ይቀበሉታል። ተርሚናል ላይ ኮንትሮልና ሲን አብሮ መጫን የሚልከው 2ኛውን ነው። ከሁሉ የተረሳው ግን «ስቶፕ» ነው። ፕሮግራሙን አይገድለውም፤ ባለበት ያደርቀዋል፤ ሜሞሪውም ሥራውም እንዳለ ይቆያል፤ «ኮንት» የሚባለው ሲላክለት ካቆመበት ይቀጥላል። ቪዲዮ በማዘጋጀት ላይ ያለ ፕሮግራም ፕሮሰሰሩን ሙሉ ይዞት አንድ ደብዳቤ በአስቸኳይ መጻፍ ቢያስፈልግዎት፣ የሁለት ሰዓት ሥራውን ገድሎ ከመጣል ማድረቅ፣ ደብዳቤውን ጨርሶ መልሶ መልቀቅ ይሻላል። ስቶፕን እንደ 9 ሁሉ ማንም ፕሮግራም እምቢ ሊለው አይችልም።

በስም ማዘዝ እዚህም አለ፤ «ፒኪል» ይባላል፤ ከዊንዶውሱም ይልቅ ጥንቃቄ ይሻል። ፒኪል የሚፈልገው ሙሉውን ስም ሳይሆን በስሙ ውስጥ የሚገኝ ቁራጭ ነው፤ ሁለት ፊደል ብቻ የሰጠው ሰው እነዚያ ፊደላት ያሉበትን ሁሉ ያጠፋል። ስለዚህ አስቀድሞ «ፒግሬፕ ሰረዝ ኤል» ብሎ ያንኑ ቁራጭ መስጠት፣ የሚወጡትን ስሞች ማንበብ፣ ከዚያ መወሰን። «ኪልኦል» የሚባለውም ትዕዛዝ በሊኑክስና በማክ ላይ በስም የሚመርጥ ሲሆን፣ ሶላሪስ በተባለው ሌላ የዩኒክስ ዘር ላይ ግን ያሉትን ፕሮሰሶች ሁሉ የሚያጠፋ ነው፤ ከአንዱ ወደ ሌላው የሚመላለስ ሰው ይህን መርሳት የለበትም። በቁጥር ለሚያዝም ማስጠንቀቂያ አለ። ቁጥሮቹ ዞረው ይመለሳሉ፤ ለረጅም ጊዜ የሊኑክስ መነሻ ጣሪያ 32768 ነበር። ከሰዓታት በፊት በወረቀት ላይ የተመዘገበ ቁጥር አሁን የሌላ ፕሮግራም ሊሆን ይችላል፤ ከመላክ በፊት እንደገና ማየት ነው።

መስኮቱ ተዘጋ ማለትም ፕሮግራሙ ሄደ ማለት አይደለም። ፋየርፎክስን ሲከፍቱ «ቀድሞ ተከፍቷል፣ ግን አይመልስም» የሚል ማስታወቂያ አጋጥሞዎት ይሆናል፤ መስኮቱ ጠፍቶ ፕሮሰሱ ከበስተኋላ ቀርቶ ማኅደሩን እንደያዘ ነው። ቀሪውን ፈልጎ ማሰናበት መፍትሔው ነው፤ ፕሮግራሙን አንሥቶ እንደገና መጫን የሚመክሩዎት ሰዎች ሥራ ፈትተው ነው።

አሁን ደግሞ 9 ራሱ የማይነካቸው። የሚሠሩትን ፕሮሰሶች በሚዘረዝረው «ቶፕ» በሚባለው ትዕዛዝ ሲያዩ በሁኔታ ረድፉ ላይ ዜድ የሚል ፊደል ያለበት ፕሮሰስ ሊገጥም ይችላል፤ ዞምቢ ይሉታል። ደጋግመው 9 ቢልኩበት ከዝርዝሩ አይወጣም፤ ቀድሞውኑ ሞቷልና። ሜሞሪውም ፋይሎቹም ተመልሰዋል። የቀረው በመዝገብ ላይ ያለች አንዲት መስመር ብቻ ነች። በዩኒክስ ሕግ ፕሮሰስ ሲሞት እንዴት እንደሞተ የሚናገረው ቁጥር ለወለደው ፕሮሰስ መነገር አለበት፤ ወላጁ መርዶውን ተቀብሎ እስኪያረጋግጥ ድረስ ስሙ ከመዝገብ አይፋቅም። መርዶ ለመስማት ያልተዘጋጀ፣ በስንፍና የተጻፈ ወላጅ ሲያጋጥም ሙታኑ ይከማቻሉ። ስለዚህ የሚነካው ሟቹ ሳይሆን ወላጁ ነው። ወላጁ ሲዘጋ ልጆቹ የሁሉም አሳዳጊ ወደሆነው ቁጥር 1 ፕሮሰስ ይዞራሉ፤ እሱ ደግሞ መርዶ መቀበል የዘወትር ሥራው ስለሆነ ወዲያው ያጸዳቸዋል።

ዲ የሚል ፊደል ያለበት ይከፋል። ይህ በሕይወት አለ፤ ከርነሉ ውስጥ ገብቶ ከሐርድ ዲስክ ወይም በኔትወርክ ከተያያዘ ማከማቻ መልስ እየጠበቀ ነው፤ በዚያ መካከል ቢቆረጥ የከርነሉ የራሱ መዝገብ ስለሚዛባ ምልክት አይደርሰውም። 9 ተልኮለት በር ላይ ይጠብቃል፤ መልሱ ሲመጣ ያኔ ይፈጸማል። በ2008 የወጣው የሊኑክስ ከርነል 2.6.25 ከእነዚህ ጥበቃዎች አንዳንዶቹ በገዳይ ምልክት እንዲቋረጡ ፈቅዷል፤ ሁሉም ግን አይደሉም። ዲ ላይ የቆመ ፕሮሰስ ካዩ ትዕዛዝ መደጋገሙን ትተው ገመዱን፣ ፍላሹን፣ የኔትወርክ ማከማቻውን፣ የዲስኩን ጤንነት ይመልከቱ። እንዲህ ዓይነቱ ነገር ዊንዶውስ ላይም አለ፤ ስላሽ ኤፍ ተብሎም የማይሄድ ፕሮሰስ ብዙውን ጊዜ አንድ የመሣሪያ ድራይቨር የያዘው ነው።

ስክሪኑ እንዳለ ደርቆ ተርሚናል መክፈት ካልተቻለስ? ሊኑክስ ላይ በመጀመሪያ የሚሞከረው ኮንትሮል፣ አልት እና ኤፍ3 አብረው ናቸው፤ ሥዕላዊው ገጽ ቢደርቅም ስም የሚጠይቅ ጥቁር መግቢያ ሊመጣ ይችላል። ሁለተኛው በሌላ ኮምፒውተር ወይም በስልክ ላይ ባለ መተግበሪያ፣ ከርቀት በሚያስገባው በኤስኤስኤች መግባት ነው፤ አገልግሎቱ አስቀድሞ ተከፍቶ ከነበረ። ሁለቱም እምቢ ካሉ ከርነሉን በቀጥታ የሚያናግር የቁልፍ ጥምረት ይቀራል። አልትንና «ሲስአርኪው» የተጻፈበትን ቁልፍ (ብዙ ጊዜ ከፕሪንት ስክሪን ጋር አንድ ነው) ይዞ፣ በመካከል ጥቂት ሰከንድ እየታገሡ፣ አር፣ ኢ፣ አይ፣ ኤስ፣ ዩ፣ ቢ የሚሉትን ፊደላት በተራ መጫን። አር ኪቦርዱን ከሥዕላዊው ገጽ ይነጥቃል፤ ኢ ለሁሉም ተርም ይልካል፤ አይ ለቀሩት ኪል ይልካል፤ ኤስ ያልተጻፈውን ወደ ዲስክ ያወርዳል፤ ዩ ዲስኮቹን ለንባብ ብቻ ያደርጋል፤ ቢ ማሽኑን ያስነሣል። ኡቡንቱ የተባለው የሊኑክስ ዓይነት ሲጫን ግን የሚፈቅደው ሁሉንም አይደለም፤ ቅንብሩ 176 የሚል ቁጥር ነው፤ የ16፣ የ32 እና የ128 ድምር። እነዚህ ኤስ፣ ዩ እና ቢ ናቸው፤ ለፕሮሰሶች ምልክት የሚልኩት ኢ እና አይ የሚከፈቱት በ64 ስለሆነ ዝግ ናቸው። በሦስቱ ብቻ ቢሄዱም ማጥፊያውን ተጭኖ ከመያዝ ይሻላል፤ ዲስኩ የተቀበለውን ጽፎ ጨርሶ ነው የሚጠፋው።